ኤክስፒ ዛሬ ምን ያደርጋል?

ዊንዶውስ ኤክስፒ በዕድሜ ይበልጠኛል። እሱ ለገበያ የወጣው በጥቅምት 1994 ዓ.ም ነው፤ እኔ የተወለድኩት ከሦስት ዓመት በኋላ። ማይክሮሶፍት በመጋቢት 30 ቀን 2006 ዓ.ም ጥገናውን አቁሞ ሲያሰናብተው እኔ ገና የሁለተኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። ታዲያ ውድ አንባቢያን፣ በዚህ በ2018 ዓ.ም አንዲት የጋዜጠኝነት ተማሪ ላፕቶፗ ውስጥ ኤክስፒ ጭና ስትከፍትና ስትዘጋ ብታገኟት ምን ትላላችሁ? የዶርም ጓደኞቼ «ሙዚየም ልትከፍቺ ነው ወይ?» እያሉ ስቀውብኛል። ያቺ አረንጓዴ ኮረብታና ሰማያዊ ሰማይ ያለባት ሥዕል ስክሪኔ ላይ ብቅ ስትል ደግሞ አንዷ «ኧረ ይሄ የቀበሌ ኮምፒውተር ነው!» አለች።

ነገሩ ግን የናፍቆት ጉዳይ አይደለም። የእድር ጉዳይ ነው።

እቴቴ የአባቴ ታላቅ እህት ነች። ከ1995 ዓ.ም ጀምሮ ኮምቦልቻ መናኸሪያው አጠገብ የኮምፒውተር ጽሑፍና ፎቶ ኮፒ ቤት ነበራት። እዚያች ቤት ያልተጻፈ ነገር የለም፤ የፍርድ ቤት አቤቱታ፣ የሠርግ ጥሪ፣ የቤት ኪራይ ውል፣ የተማሪ መመረቂያ ጽሑፍ፣ ጅዳና ቤይሩት ላሉ ልጆች የሚላክ ደብዳቤ፣ የሙት ዓመት መታሰቢያ ወረቀት። የዚያን ጊዜ ሃርድ ዲስክ ጠባብ ስለነበር በየዓመቱ የሠራችውን ወደ ሲዲ ትገለብጥና በማርከር ዓመተ ምሕረት ትጽፍበታለች። ሲዲዎቹን የምታስቀምጠው በብስኩት ጣሳ ውስጥ ነው፤ እንደ መርፌና ክር።

በ2014 ዓ.ም ከጥቅምት መገባደጃ እስከ ኅዳር መገባደጃ ደሴና ኮምቦልቻ በጦርነቱ ተይዘው በነበሩበት ጊዜ የእቴቴ ሱቅ ባዶውን ቀረ። ኮምፒውተሩ፣ ፕሪንተሩ፣ ፎቶ ኮፒው፣ ወንበሩ ሳይቀር ሄደ። የብስኩት ጣሳው ብቻ ወለሉ ላይ ተደፍቶ ተገኘ። የድሮ ሲዲ ማን ይፈልጋል? 31 ሲዲ ለቅማ መልሳ አስገባችና ቁምሳጥን ላይ ሰቀለችው።

የሰፈሩ እድርም ሣጥኑንና ወረቀቱን ያጣው በዚያው ሰሞን ነው። ድንኳኑና ድስቱ ቀስ በቀስ በመዋጮ ተተካ፤ መተዳደሪያ ደንቡ ግን የለም። መጀመሪያ ማንም አልተጨነቀም፤ ደንቡን ሁሉም በልቡ የሚያውቀው ይመስለው ነበርና። ጭቅጭቁ የተነሣው ባሎቻቸው የሞቱባቸው አምስት እናቶች «አባልነታችን እንደቀጠለ ነው፣ ግማሽ መዋጮ ነው የምንከፍለው» ሲሉ ነው። የእድሩ ዳኛ በበኩላቸው «እኔ የማስታውሰው ባል ሲሞት አባልነቱ ያልቃል፤ ከፈለጉ መመዝገቢያ ከፍለው እንደ አዲስ ይግቡ» አሉ። መመዝገቢያው ደግሞ ዛሬ ቀላል ገንዘብ አይደለም። ከአምስቱ አንዷ የእቴቴ ጎረቤት ናቸው፤ ልጃቸው ታሞ ስለነበር ነገሩ የወግ ክርክር ብቻ አልነበረም። በዚያ ሰሞን ሞት ቢመጣ ማን ድንኳን ይተክላል? ማን እንጀራ ይጋግራል?

እቴቴ ታዲያ አንድ እሑድ ቡና እየጠጣን ሳለ «እሱን ደንብ የጻፍኩት እኮ እኔ ነኝ» አለች። «በ1997። በዚያች አንቀጽ ምክንያት ሦስት ጊዜ ነው እያፈረስኩ የጻፍኩት።» ከዚያም ጣሳውን አወረደችው።

እዚህ ላይ ቆም ብዬ አንድ ነገር ላብራራ፤ ለዲፓርትመንታችን ተማሪም ሳይጠቅም አይቀርምና። እኛ ዛሬ በስልካችን «ቤት» ብለን ስንጽፍ ኮምፒውተሩ የሚያስቀምጠው ሁለት ቁጥር ነው። ቤ 4708፣ ት ደግሞ 4725። እነዚህ ቁጥሮች በዩኒኮድ የዓለም ሠንጠረዥ ውስጥ የእኛ ፊደል ብቻ ናቸው፤ ሌላ ማንም አይቀመጥባቸውም። ፊደላችን በዚህ ሠንጠረዥ ቦታ ያገኘው በፈረንጆች 1999 በወጣው የዩኒኮድ 3.0 ዕትም ነው። ቦታ ማግኘትና ሥራ ላይ መዋል ግን ለየቅል ናቸው። ዊንዶውስ ራሱ የአማርኛ ፊደልና የአማርኛ ኪቦርድ ይዞ የመጣው በቪስታ ነው፤ እሱም ለሕዝብ የቀረበው በጥር 1999 ዓ.ም። እቴቴ ግን ደንበኛዋን «ቪስታ እስኪወጣ ጠብቅ» ማለት አትችልም።

ስለዚህ የአገራችን ባለሙያዎች ብልሃት ፈጠሩ። በፈረንጅ ፊደል ወንበር ላይ የእኛን ፊደል አስቀመጡ። አጋፋሪ፣ ብራና፣ ቪዥዋል ግዕዝ፣ ፓወር ግዕዝ ሁሉም በየራሳቸው መንገድ ያደረጉት ይህንኑ ነው። ችግሩ ወንበሩ 256 ብቻ መሆኑ፣ ከዚያውም ለፊደል የሚሆነው ጥቂት መሆኑ ነው። የእኛ ፊደል 33 በ7 ሲባዛ 231፤ ዲቃላው፣ አኃዙና ነጥቡ ሲጨመር ከወንበሩ ይተርፋል። አንዳንዱ ፊደሉን በሁለት የፎንት ፋይል ከፈለው፤ ሌላው ደግሞ ግንዱን ለብቻ፣ ቅጥያውን ለብቻ አድርጎ አገጣጠመው። በእቴቴ ቪዥዋል ግዕዝ ለምሳሌ «ቢ» ማለት የ«በ» ምልክትና የእኩል ይሆናል ምልክት ነው። «ቤ» ደግሞ የ«በ» ምልክትና የጥያቄ ምልክት። ስለዚህ «ቤት» የሚለው ቃል ለዓይናችን ሁለት ፊደል ሲሆን ለኮምፒውተሩ ሦስት የፈረንጅ ምልክት ነው፤ መሐሉ ላይ የጥያቄ ምልክት የተጋደመበት። ኮምፒውተሩ አማርኛ እየጻፈ እንደሆነ አያውቅም። የሚያውቀው ፎንቱ ነው፤ ፎንቱ ከሌለ የሚቀረው የተበተነ ዕቃ ነው።

እኔም የሲዲውን ፋይል በላፕቶፔ ስከፍተው ያየሁት ያንን ነው። ሙሉ ገጽ ቅንፍ፣ ጭረት፣ ባለ ነጥብ የፈረንጅ ፊደል። እቴቴ መነጽሯን አድርጋ አየችውና «ይሄ የእኔ እጅ አይደለም» አለች።

በዎርድ የተጻፈ ቢሆን ኖሮ ነገሩ እዚያው ያልቅ ነበር። የድሮውን ፎንት አዲሱ ዊንዶውስ ላይ መጫን ብዙ ጊዜ ይሠራል፤ ጣሳው ውስጥ «ሶፍትዌር» የሚል ሲዲ ስለነበረ ፎንቱን ጭኜ በርካታ ደብዳቤዎች እንደ ነበሩ ሲመለሱ አይቻለሁ። ደንቡ ግን ለመጽሔት ተብሎ በፔጅሜከር 6.5 የተሠራ ነበር። የዚያን ዘመን ጋዜጣና መጽሔት ሲሰናዳ የነበረበት ፕሮግራም ነው፤ የመጨረሻው ዕትም 7.0 በፈረንጆች 2001 ወጥቶ ከዚያ ወዲህ የለም። የዛሬው ኢንዲዛይን ፋይሉን አይቀበለውም። ፕሮግራሙን ራሱን የሚወልደው የድሮ ዊንዶውስ ነው።

የድሮ ኮምፒውተር ፍለጋ ደሴ ፒያሳን ዞርኩ። አንድ ጥገና ቤት ያገኘሁት ዲስክቶፕ ሲበራ ጢስ ጢስ ይላል። ሲዲ ማንበቢያው ግን ደህና ነበርና ጠጋኙ ሲዲዎቹን አንድ በአንድ ወደ አይኤስኦ ፋይል ገልብጦ በፍላሽ ሰጠኝ። ከ31ዱ 6ቱ አልተነበቡም። ሲዲ ዘላለማዊ የሚመስለን ብዙ ነን፤ በቤት ውስጥ የሚቃጠለው ሲዲ የሚጻፈው በስስ ቀለም ላይ ነው፤ ፀሐይና ሙቀት ይበላዋል። የእነዚያ ስድስቱ ጉዳይ አሁንም ይቆጨኛል።

ቨርቹዋል ማሽን የሚባለውን የነገረኝ ኮምቦልቻ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት የሚማር ጓደኛዬ ነው። ቅዳሜ ጠዋት በሚኒባስ ሐረጎን ወርጄ አገኘሁት። (ሐረጎን የማያውቅ የደሴ ልጅ የለም፤ ጃኬት ለብሰህ ተሳፍረህ ኮምቦልቻ ስትደርስ በእጅህ ይዘኸው ትወርዳለህ።) «አብሽሪ፣ የድሮ ኮምፒውተር ምን ያደርግልሻል፤ በውስጡ እንሠራለን» አለኝ። እንዲህ ነው፦ ቨርቹዋልቦክስ የሚባል ነፃ ፕሮግራም አለ፤ እሱ በላፕቶፑ ውስጥ የሌለ ኮምፒውተር ያለ ያስመስላል። የሐሰት ሃርድ ዲስክ፣ የሐሰት ሲዲ ማንበቢያ፣ የሐሰት ስክሪን። ኤክስፒ ሲጫንበት እውነተኛ ዕቃ ላይ ያረፈ ይመስለዋል። 512 ሜጋባይት ሜሞሪ ሰጠነው፤ ዛሬ አንድ የኢንተርኔት ገጽ ከዚያ በላይ ይበላል፣ ለኤክስፒ ግን ድግስ ነው። 10 ጊጋባይት ዲስክም ተመደበለት።

ሁለት ቦታ ላይ ጓደኛዬ ባይኖር ኖሮ አልዘልቀውም ነበር። አንደኛ፣ ላፕቶፔ ላይ ይህን የሚፈቅደው የፕሮሰሰር ቅንብር ተዘግቶ ስለነበር ከዊንዶውስ በፊት የሚመጣው ባዮስ ውስጥ ገብቶ ከፈተው። ሁለተኛ፣ የሐሰቱን ዲስክ በአዲሱ በሳታ ሳይሆን በድሮው በአይዲኢ መንገድ ማያያዝ ያስፈልጋል፤ ኤክስፒ ሳታን ስለማያውቅ ሰማያዊ ስክሪን አውጥቶ ይቀመጣል። ከዚያ አይኤስኦውን «ሲዲ አስገባሁልህ» ብለን ሰጠነው፣ ኢንተርኔቱንም ዘጋንበት። ይሄ ግዴታ ነው፤ ከ2006 ዓ.ም ጀምሮ ጠባቂ የሌለው ቤት ነውና ወደ አደባባይ አይወጣም።

መቼም «ያረጀ ነገር ለምን ትነካካላችሁ» የሚል አይጠፋም። ማይክሮሶፍት ራሱ እኮ በፈረንጆች 2009 ዊንዶውስ 7ን ሲያወጣ የድሮ ፕሮግራም ላላቸው መሥሪያ ቤቶች «ኤክስፒ ሞድ» ብሎ ኤክስፒን በቨርቹዋል ማሽን ጠቅልሎ ሰጥቷል። ደግሞስ የብዙዎቻችን ላፕቶፕ ላይ ያለው ዊንዶውስ 10 መደበኛ ድጋፉ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም አብቅቶ የለም?

ፔጅሜከር ተከፈተ። ደንቡ ወጣ። 28 ገጽ፣ ሽፋኑ ላይ ሁለት የተጨባበጡ እጆች። እቴቴ ከኋላዬ ቆማ «አዎ፣ እሱ ነው» አለች፣ ቀስ ብላ። በአራት ዓመት ውስጥ የሠራችውን ነገር ስታይ የመጀመሪያዋ ነበር።

ነገር ግን ፋይሉ አንድ አልነበረም፣ ሁለት ሆነ። በአንደኛው አንቀጽ 14 የእድሩ ዳኛ እንዳሉት ነው፤ አባል ሲሞት የባለቤቱ አባልነት ያበቃል፣ በመመዝገቢያ እንደ አዲስ ትገባለች። በሁለተኛው አንቀጽ 14 እናቶቹ እንዳሉት ነው፤ የሟች ባለቤት በግማሽ መዋጮ ትቀጥላለች። ለካስ ሁለቱም ወገን የሚያስታውሰው እውነት ነው፤ ሁለቱም ተጽፎ ነበር።

የትኛው ጸደቀ? ቀኑን እንይ አልን። ሁለቱም ፋይሎች የተቀመጡት በአንድ ቀን፣ ጃንዋሪ 1 ቀን 2002 ነው ይላል ኤክስፒ። ደንቡ ገና ሳይታሰብ! እቴቴ ሳቀች። የኮምፒውተሯ የማዘርቦርድ ባትሪ ስለሞተ መብራት በጠፋ ቁጥር ሰዓቱ ወደዚያ ቀን ይመለስ ነበር፤ የኮምቦልቻ መብራት ደግሞ በቀን ስንቴ እንደሚጠፋ ታውቃላችሁ።

በክፍል ውስጥ ስለ ምንጭ ማጣራት ስንማር የሚመስለኝ ነገሩ ሁሉ ሰው መዋሸት አለመዋሸቱ ነበር። እዚህ ሰው አልዋሸም፤ ሰዓቱ ነው የዋሸው። ከዚያ የባሰውን ደግሞ ጓደኛዬ አሳየኝ። የቨርቹዋል ማሽኑን ቀን ወደ 1997 ዓ.ም መለሰው፣ ፔጅሜከርን ከፍቶ አንድ መስመር ጻፈና አስቀመጠ። ፋይሉ የሃያ ዓመት ሽማግሌ መስሎ ተቀመጠ። ፎንቱ የድሮ፣ ፕሮግራሙ የድሮ፣ ቀኑ የድሮ። ያን ስመለከት ፋይሉን ይዤ እድር ፊት መቆም ብቻውን ምንም እንደማያስረዳ ገባኝ።

ወደ ገጾቹ ተመለስን። ግማሽ መዋጮ የሚለው ፋይል የመጨረሻ ገጽ ላይ የሰባት ሰዎች ስምና የፊርማ መስመር አለ፣ ከሥሩ የማኅተም ቦታ። ሌላው ፋይል ላይ የለም። እቴቴ እንደምትለው ስም የሚገባው ጉባኤው ካጸደቀ በኋላ ለማተሚያ ሲሰናዳ ነው። ከሰባቱ አምስቱ ሞተዋል። አንዱ አረብ አገር ልጃቸው ዘንድ ናቸው። አንዱ ግን ደሴ ሆጤ አሉ። ማክሰኞ ከክፍል በኋላ ሄድኩ። ስለ አንቀጹ ምንም ሳልናገር «በ1997 ደንቡ ሲጸድቅ ምን አከራከራችሁ?» ብዬ ብቻ ጠየቅኋቸው። «የሴቶቹ ነገር ነዋ!» አሉኝ። «መጀመሪያ የወንዶቹ ሐሳብ ተጽፎ መጣ። ሴቶቹ ‹እኛ የምንጋግረው በነፃ ነው ወይ?› ብለው ተነሡ። ያን ቀን ቡናው ሦስት ጊዜ ተፈልቶ ነው የታረቅነው፤ ግማሽ ይክፈሉ ተባለ።»

ጽሑፉን ወደ ዩኒኮድ የመመለሱን ሥራ በአጭሩ ልለፈው፤ ሁለት ሌሊት የዎርድ ‹ፈልግና ተካ› ነው። አንድ ምክር ብቻ፦ ሁለት ቁራጭ ያላቸውን ፊደሎች አስቀድማችሁ ተኩ። «በ»ን ቀድማችሁ ከተካችሁት «ቤት» ሁሉ የጥያቄ ምልክት እንደተሸከመ ይቀራል። ከተካችሁ በኋላም ከኤክስፒው ስክሪን ጋር ቃል በቃል አመሳክሩ፤ የሰው ስም ላይ አንድ ፊደል ከተሳሳተ ሌላ ሰው ነው።

እድሩ የተሰበሰበው በወሩ መጨረሻ እሑድ ነው። እቴቴ ሲዲውን ራሱን ይዛ ሄደች። የታተመውን ወረቀት ያነበብኩት እኔ ነኝ። አንቀጽ 14 ላይ ስደርስ አንድ አዛውንት እጃቸውን አነሡና «ልጄ፣ ይሄን ትናንት ማታ እንዳልጻፍሽው በምን አውቃለሁ?» አሉኝ። «ከወረቀቱማ ሊያውቁ አይችሉም አባባ» አልኳቸው። ሁለቱም ረቂቅ መኖሩን፣ ቀኑ የማይታመን መሆኑን፣ አንድ ፈራሚ ደሴ እንዳሉ ነገርኳቸው። ሲዲው አንዴ ተጽፎ ከተዘጋ በላዩ ያለው እንደማይቀየርም አስረዳሁ፤ ከሁሉ ይልቅ የረዳቸው ግን ሲዲው ላይ ያለው የእቴቴ የእጅ ጽሑፍ ይመስለኛል፤ ከእድሩ የመዋጮ ደረሰኞች ላይ ያውቁታል። ሦስት ሽማግሌዎች ተመርጠው ሆጤ ድረስ ሄዱ። በሚቀጥለው እሑድ አምስቱ እናቶች በግማሽ መዋጮ እንዲቀጥሉ ተወሰነ፣ ውዝፉም በስድስት ወር እንዲከፈል።

የእድሩ ዳኛ ለክፋት ሳይሆን ነገር እንዳይደገም ብለው «ያኛውን ረቂቅ አጥፉት» አሉ። እቴቴ እሺ አላለችም። «ሁለቱም የተጻፈ ነው፤ ደግሞ የመጀመሪያውን ሂሳብ እስካሁን አልከፈላችሁኝም» አለቻቸው። ሰው ሁሉ ሳቀ፤ ረቂቁም አለ።

አሁን ወሬው ተሰምቶ ሰው ይመጣል። የአባቱን የቤት ውል የሚፈልግ፣ የመመረቂያ ጽሑፉ የጠፋበት መምህር፣ በ1999 ዓ.ም ለልጃቸው ያስጻፉትን ደብዳቤ መልሰው ለመስማት የሚፈልጉ እናት። እቴቴ ሕግ አውጥታለች፤ ባለቤቱ ሳይመጣ ፋይል አይከፈትም፣ እኔም የፋይሉን ስም እንጂ ውስጡን አላይም። «ሰው የከፈለኝ እንድጽፍለት ነው፣ እንዳወራለት አይደለም» ትላለች። ለጋዜጠኝነት ተማሪ ከባድ ሕግ ነው። ከሲዲዎቹ አንዱ ላይ «አቤቱታ 1998» የሚል ፎልደር ውስጥ ከ200 በላይ ፋይል አለ፤ ከዚያ ውስጥ ስንት ዜና እንዳለ ሳስብ እጄን ያሳክከኛል። ቢሆንም አልከፈትኩትም።

ያቺ ለልጃቸው ያስጻፉት እናት ለቅዳሜ ቀጥረውኛል። ላፕቶፑን ቻርጅ አድርጌ እወርዳለሁ፤ መብራት ከጠፋ ኤክስፒው ሁለት ሰዓት ያህል ይቆያል።